ጳጉሜን ለማያስገባ በር

ጳጉሜን 3 ቀን 2017 ዓ.ም.
አዲስ አበባ፣ ፒያሳ፣ ከጊዮርጊስ ዝቅ ብሎ
የጸሐፊው ዕድሜ፦ ልክ ሰማንያ ዓመት፤ አንድ ቀን አልጎደለም፣ አንድ ቀንም አልተረፈም።

ለ«አንድ በር» የተቀናጀ የንግድ አገልግሎት ፖርታል ጽሕፈት ቤት
ለክቡር ዋና ኃላፊ
ባሉበት

ክቡር ሆይ፣

ከሁሉ አስቀድሜ ባርኔጣዬን አውልቄ እጅ እየነሳሁ ስለ ጤናዎ፣ ስለ ቤተ ሰብዎ ጤና፣ በተለይም ስለ ሲስተምዎ ጤና እጠይቃለሁ። የእርስዎንና የቤተ ሰብዎን ደኅንነት ከሩቅ ሆኜ ከመመኘት በቀር የማውቅበት መንገድ የለኝም፤ የሲስተምዎን ሕመም ግን ከሰኔ ጀምሮ ሳስታምም ስለ ከረምሁ ከእርስዎ ይልቅ እኔ ዐውቀዋለሁ። ሰኞ ይተኛል፤ ማክሰኞ ጥገና ላይ ነው ይባላል፤ ረቡዕ ቀና ሲል መብራት ይጠፋበታል። እግዚአብሔር ይማረው።

እኔ ሉልሰገድ ፀሐዬ እባላለሁ። ዕድሜዬን ያሳለፍሁት የሰውን ጽሑፍ በማረም ነው፤ ማተሚያ ቤት ውስጥ ሠላሳ አራት ዓመት በአራሚነት አገልግያለሁ። ከዚሁ ጎን ለጎን በ1966 ዓ.ም. ከወሎ ከመጣው ጓደኛዬ ከእንድሪስ ጋር ትንሽ የመጻሕፍት መጠረዣ ቤት ከፍተን ነበር፤ እርሱ ይጠርዛል፣ እኔ ገጽ እቆጥራለሁ። «አንተ የወረቀት ሰው ነህ፣ ፈቃዱ በአንተ ስም ይሁን፤ እኔ ከሙጫው ጋር እስማማለሁ» ስላለኝ ንግድ ፈቃዱ እስከ ዛሬ በእኔ ስም አለ።

ጉዳዬ አጭር ነው። እንድሪስ ከሁለት ዓመት በፊት ወደ አኼራ ሄደ። የእኔም ልብ፣ ሐኪሙ ፊቱን ወደ መስኮት አዙሮ እንደ ነገረኝ፣ ብዙ ክረምት የሚጠብቅ አይደለም። ስለዚህ በሕይወት እያለሁ ፈቃዱን በልጁ በረይሀና እንድሪስ ስም ላዛውር ፈለግሁ። ረይሀና በዚያ ቤት ሃያ ሁለት ዓመት ጠርዛለች፤ ሁለት ልጆቿንም ያሳደገችው ከዚያው ጠረጴዛ ላይ በምታገኘው ነው። ፈቃዱ ከተዛወረላት የቀበሌው ቤት የኪራይ ውል አብሮ ይሄድላታል፤ ሳይዛወር እኔ ከሞትሁ ግን በማግሥቱ ቤቱም ሥራውም ከእጇ ይወጣል። ሌላ የምለምነው ነገር የለም። ለዚህች ለአንዲት ጉዳይ ያደረጉልኝን ውለታ ሁሉ ከዚህ በታች በቁጥር ዘርዝሬ አመሰግንዎታለሁ።

1ኛ/ ስለ መፈክርዎ። በፖርታልዎ ግንባር ላይ «ከቤትዎ ሳይወጡ ጉዳይዎን ይጨርሱ» ተብሎ በሰማያዊ ቀለም ተጽፏል። ከቤቴ ሳልወጣ እንድጨርስ የተፈቀደልኝን ይህን ጉዳይ ለመጀመር ብቻ አሥራ አንድ ጊዜ ከቤቴ ወጥቻለሁ። ኮምፒውተር ስለሌለኝ እንደ ሰፈሩ ሰው ሁሉ የምሄደው ወደ ወይዘሮ ኢህሳን የጽሕፈትና የፎቶ ኮፒ ቤት ነው። እዚያ ሰዓት ሠሪው አቶ እሸቴ፣ ከእሪ በከንቱ የሚመጡት ልብስ ሰፊዎችና እኔ አግዳሚው ላይ ተደርድረን ወረፋ ስንጠብቅ እንውላለን። ቀድሞ ወረፋው በእርስዎ መሥሪያ ቤት ኮሪደር ላይ ነበር፤ ዛሬ ከኢህሳን በር እስከ አስፋልቱ ደርሷል። እስከ አሁን ፖርታልዎ ያለ አንዳች እንከን ያዛወረው ነገር ቢኖር ይኸው ወረፋ ብቻ ስለሆነ እንኳን ደስ ያለዎ።

2ኛ/ ስለ ሙያዬ። በንግድ ዘርፎች ዝርዝርዎ ውስጥ የመኪና ማስጌጫ፣ የጥፍር ማስዋቢያና የዓሣ ገንዳ እድሳት በየራሳቸው መደብ ተቀምጠዋል፤ መጽሐፍ መጠረዝ ግን የለም። ቆዳ ስለምንነካ «የቆዳ ውጤቶች» ውስጥ ግቡ ተባልን፤ ገባን። ወዲያውም ቆዳው የተገፈፈበትን እንስሳ የጤና ምስክር ወረቀት እንድናቀርብ ተጠየቅን። በእጃችን ያለው ቆዳ እንድሪስ በሕይወት ሳለ የገዛው የፍየል ቆዳ ነው፤ ፍየሏን የሚያስታውስ ሰው በመፈለግ ላይ ነን።

3ኛ/ ስለ መወለዴ። ክቡር ሆይ፣ እስከዚህ ድረስ በፈገግታ ጽፌአለሁ፤ ከዚህ በኋላ ግን ፈገግታውን ከእኔ አይጠብቁ።

ፖርታልዎ የትውልድ ቀን ይጠይቃል። እኔ የተወለድሁት ጳጉሜን 3 ቀን 1937 ዓ.ም.፣ በሩፋኤል ዕለት፣ ዝናብ እየጣለ ነው። ኢህሳን 1937ን አገኘች፤ 3ን አገኘች፤ ወሩን ለመምረጥ ግን ዝርዝሩን ከመስከረም ጀምራ ወደ ታች ብትስበው ነሐሴ ላይ ደርሶ ቆመ። እንደገና ሳበችው፤ እንደገና ነሐሴ ላይ ቆመ። መነጽሬን አውልቄ ጠርጌ ራሴ ቆጠርኋቸው፤ አሥራ ሁለት ናቸው። ኢህሳን ወደ እኔ ዞራ በሐዘኔታ «ጋሼ፣ ሲስተሙ እርስዎን ገና አልወለደዎትም፤ ምጥ ላይ ነው» ስትል አግዳሚው በሙሉ ሳቀ፤ አቶ እሸቴም ቀበል አድርጎ «ታድለው ጋሼ፤ ያልተወለደ ሰው ግብር አይጠየቅም!» አለ። ሰፈሬ ነውና አብሬ ሳቅሁ። ወደ ቤቴ ስመለስ ግን አልሳቅሁም።

ኢህሳን እንዳስረዳችኝ ሲስተሙ አሥራ ሁለት ወር ካላቸው ሰዎች አገር የተገዛ ነው፤ አሥራ ሁለት ሣጥን ነበረው፤ የእኛን ወራት ሲከቱበት አንዷ ሣጥን አጥታ ውጭ ቀረች። ይህን መረዳት አያዳግተኝም። ያዳገተኝ ሌላ ነው። ይህን ፖርታል ያዘዘው፣ የመረመረው፣ ያጸደቀው፣ ሪባን ቆርጦ ያስመረቀው ሰው ሁሉ የእኛው አገር ሰው ነው፤ በየዓመቱ ጳጉሜንን ተሻግሮ እንቁጣጣሽ የሚል ሰው ነው። ከእነዚህ ሁሉ መካከል በጣቱ መስከረም፣ ጥቅምት ብሎ የቆጠረ አንድ እንኳ አልነበረም? ለቱሪስት አሥራ ሦስት ወር አለን እያልን ስንኩራራ ኖረን ለገዛ ነጋዴያችን አሥራ ሁለቱን ሰጥተን ሸኘነው? የመንግሥት ሠራተኛ ለጳጉሜን ደመወዝ እንደማይከፈለው ዐውቅ ነበር፤ ለካ ለነጋዴው ደግሞ በጳጉሜን መወለድም አይፈቀድለትም ኖሯል።

በ1966 ዓ.ም. ፈቃዱን ያወጣልን ገብረዮሐንስ የሚባል አጭር ጸሐፊ ነበር፤ ብዕሩን ሐምራዊ ቀለም ውስጥ እየነከረ ይጽፋል። የትውልድ ቀኔን ስነግረው ቀና ብሎ «የሩፋኤል ዕለት ነዋ! ጠበል ሲወርድ ነው የመጣኸው» አለና ጻፈው። ሲስተም አልነበረውም። ጆሮ ግን ነበረው።

4ኛ/ ስለ ምክርዎ። ነገሩን በአካል ላስረዳ ብዬ ከአራት ኪሎ ታክሲ መያዣ ጀርባ ወደሚገኘው ጽሕፈት ቤትዎ መጣሁ። ሊፍቱ ስለማይሠራ ሦስት ፎቅ በእግሬ ወጣሁ፤ ለልቤ ሥራ ስላስገኙለት አመሰግናለሁ። የተቀበለኝ ባለሙያ ትሑት ሰው ነው፤ ወንበር ሰጠኝ፣ ውኃ አመጣልኝ፣ ከዚያም ማመልከቻ በወረቀት መቀበል እንዳቆሙና ወሩን ለማስጨመር በጀት እንደሚያስፈልግ ነገረኝ። በመጨረሻም ድምፁን ዝቅ አድርጎ «አባቴ፣ ነሐሴ 30 ይበሉና ይለፉ፤ ሁሉም እንደዚያ ነው የሚያደርገው፤ ምን ይጎድልብዎታል?» አለኝ።

ምን ይጎድልብኛል? ሠላሳ አራት ዓመት ሙሉ አንዲት ነጥብ ከቦታዋ ስትጎድል ማሽን ያስቆምሁ ሰው ነኝ። በሰው ጽሑፍ ላይ ያልፈቀድሁትን ስሕተት በገዛ ልደቴ ላይ በገዛ እጄ እንድጽፍ መከሩኝ። ምክሩ ከእርስዎ ቤት የወጣ ስለሆነ በክብር ተቀበልሁት፤ ሦስት ሳምንትም እምቢ አልሁ።

ስወርድ ምድር ቤት ባለው መዝገብ ቤት በኩል አለፍሁ። ያች ክፍል ያረጀሁበትን ዘመን ሽታ ትሸታለች፤ የማኅተም ቀለምና አቧራ። የመዝገብ ቤቷ ሠራተኛ ወይዘሮ ለተሚካኤል በገቢ ደብዳቤዎች ላይ ቀን ትመታ ነበር። የማኅተም ወዳጅ ነኝና ቆሜ ስመለከት «ይያዙት ጋሼ» ብላ ሰጠችኝ። ጥርሳም መንኮራኩር ያለው የጎማ ማኅተም ነው፤ በአውራ ጣቴ አዞርሁት፤ ሐምሌ፣ ነሐሴ፣ ጳጉሜን። ይህን እዚህ ያነሳሁት ለጨዋታ አይደለም፤ በኋላ እመለስበታለሁ።

6ኛ/ ስለ ወንጀሌ። ከአራት ወደ ስድስት የዘለልሁት በእርጅና እንዳይመስልዎ፤ ከጽሕፈት ቤትዎ የቀሰምሁት አዲስ የአቆጣጠር ዘዴ ነው፤ አምስተኛው ቁጥር ሣጥን አላገኘም።

ነሐሴ አጋማሽ ላይ ረይሀና ምንም ሳትለኝ ዕቃ መሰብሰብ ጀመረች። የአባቷን መጭመቂያ እንጨት በጨርቅ ስትጠቀልል አየኋት። ሄጄ ኢህሳን ፊት ተቀመጥሁና «ነሐሴ 30 በይው» አልኋት። በሰማንያ ዓመቴ የመጀመሪያዬ የጽሑፍ ውሸት ነው። ሲስተምዎም እስከዚያ ቀን አንድም ቀን ባልታየበት ፍጥነት መለሰልኝ፤ የጻፍሁት ቀን ከመታወቂያ ካርዴ ጋር ስላልተመሳሰለ፣ «ሐሰተኛ መረጃ ለማስገባት በመሞከርዎ መለያዎ ታግዷል» አለኝ። እውነቱን ስናገር የማይሰማ፣ ስዋሽ ግን ወዲያው የሚነቃ ሲስተም ሠርተዋልና ብልሃትዎ ያስቀናል። ኢህሳን ኮምፒውተሩን አጠፋች። አግዳሚው ላይም የዚያን ቀን የሳቀ ሰው አልነበረም።

7ኛ/ ስለ ደብዳቤዎ። በነሐሴ መጨረሻ አንድ ሠራተኛዎ ወደ መጠረዣ ቤታችን መጥቶ፣ በሩ ክፍት ረይሀናም ቆማ እያየችው፣ የታተመ ማስጠንቀቂያ በበሩ ጉበን ላይ ለጠፈ። ቃል በቃል እገለብጠዋለሁ፤ «የባለቤትነት ዝውውሩ እስከ ጳጉሜን 5 ቀን 2017 ዓ.ም. ድረስ በፖርታሉ ካልተፈጸመ ንግድ ፈቃዱ ይሰረዛል፤ ቤቱም ይታሸጋል።»

ጳጉሜን 5!

ደግሜ አነበብሁት። እንደ ሙያዬ ፊደል በፊደል በጣቴ እየተከተልሁ አነበብሁት። ለመወለድ ስጠይቅዎ የለችም ያሉኝ ወር፣ ለመቅጣት ሲሆን ከነቀኗ ከየት መጣች? በመግቢያው በኩል ያልተገኘችው ጳጉሜን በመውጫው በኩል ማን አስገባት? ክቡር ሆይ፣ ሰነፍ ሠራተኛ አይቻለሁ፤ ጉቦኛም አይቻለሁ፤ የዘመኖቹንም ኃላፊዎች ሁሉ በተራቸው አይቻለሁ። የሰውን ልደት ሰርዞ፣ በተሰረዘው ወር ውስጥ ቀጠሮ ሰጥቶ፣ ቀጠሮውን አላከበርህም ብሎ በር የሚያሽግ ግን ከእርስዎ ጽሕፈት ቤት በቀር አላየሁም።

አሁን ቁጥሩን ልተውና አንድ ነገር ላጫውትዎ።

አባቴ የተወለድሁበትን ቀን የጻፈው በዳዊቱ የመጨረሻ ቅጠል ኅዳግ ላይ ነው፤ አንዲት መስመር ናት፣ ከወረቀቱ ጫፍ ጋር የተጠጋች። መጽሐፉ ሲበታተን ለእንድሪስ ሰጠሁት። የጠራዥን ሥራ ካላወቁ፣ መጽሐፍ ከተሰፋ በኋላ ሦስቱ ጠርዞቹ በቢላዋ ይስተካከላሉ፤ ሰነፍ ጠራዥ እንዲያምርለት ሲል ጠልቆ ይቆርጥና ጽሑፉን ይበላዋል። እንድሪስ ቢላዋውን ካነሳ በኋላ ኅዳጓ ላይ ያለችውን መስመር አየ። ግእዝ አያነብም፤ መጽሐፉም የእርሱ ሃይማኖት መጽሐፍ አልነበረም። ግን ቢላዋውን አስቀመጠና ጠራኝ፤ ምን እንደሆነች ጠየቀኝ፤ ነገርሁት። «እንግዲያው ልደትህን በቢላዋ አልነካም» አለና ያችን አንዲት ቅጠል ሳይቆርጥ ወደ ውስጥ አጠፋት። መጽሐፉ እስከ ዛሬ አንድ ጫፉ ወፍራም ነው። ይህን ያህል ዓመት ሰው ሁሉ ስሕተት ይመስለዋል።

እርሱ ለአንዲት መስመር ሲል የገዛ ሥራውን መልክ አበላሸ። እርስዎ ሣጥን ጎደለ ብለው ወር ሙሉ ቆረጡ፤ ከወሩ ጋር እኔን፣ ከእኔ ጋር የእርሱን ልጅ። ቁጣዬ ከዚህ ነው። እኔማ ሰማንያ ዓመት ኖሬአለሁ፤ ፖርታልዎ ቢወልደኝም ባይወልደኝም ከእንግዲህ ብዙ አይጎዳኝም። ረይሀና ግን የዚያ እጅ ልጅ ናት፤ ከጠረጴዛዋ የሚያስነሣትን ሰው ዝም ብዬ አላይም።

ስለዚህ የሚከተለውን በታላቅ አክብሮት አሳውቃለሁ። የዝውውር ሰነዱን በእጄ ጽፌ፣ ኢህሳን፣ እሸቴና የዕድራችን ጸሐፊ አቶ ሰላሀዲን በምስክርነት ፈርመውበት፣ ከዚህ ደብዳቤ ጋር አያይዤዋለሁ። ማመልከቻ በወረቀት አንቀበልም ብለዋል፤ ይህ ግን ማመልከቻ ሳይሆን ደብዳቤ ነው፤ ደብዳቤ ደግሞ መዝገብ ቤትዎ ይቀበላል። ረይሀና ዛሬ ረፋድ ላይ ታደርሰዋለች፤ ወይዘሮ ለተሚካኤልም እንደ ሥራዋ ደንብ በግልባጩ ላይ የገቢ ማኅተም ትመታለች፤ ጳጉሜን 3 ቀን 2017።

ማኅተሙ ከተመታ፣ ጽሕፈት ቤትዎ ጳጉሜን የምትባል ወር መኖሯን በገዛ ቀለሙ መስክሯል፤ እንግዲያው እኔም በዚያች ወር ተወልጄአለሁ፤ ፈቃዱን ያዛውሩልኝ። የለም፣ እንዲህ ያለች ወር አናውቅም ብለው ደብዳቤውን የሚመልሱ ከሆነ ደግሞ፣ ጳጉሜን 5 የሚባል ቀን በእርስዎ ዘንድ አይመጣም ማለት ነውና ባልመጣ ቀን በሬን ሊያሽጉ አይቻልዎትም። ከሁለቱ የወደዱትን ይምረጡ። ሁለቱንም በአንድ እጅ ይዘው ወደ እኔ በር ቢመጡ ግን፣ ደፉ ላይ ወንበር አውጥቼ፣ ያንን ባለ ወፍራም ጫፍ ዳዊት ጭኔ ላይ ዘርግቼ ተቀምጬ ያገኙኛል። ማሸጊያዎን በእኔ ላይ አልፈው ይለጥፉት።

በሥራ ብዛትዎ መካከል የአንድን ያልተወለደ ሽማግሌ ጽሑፍ እስከ መጨረሻው ለማንበብ ስለተዋረዱ እያመሰገንሁ፣ ከጥርና ከየካቲትም አንዱ ሳይጠፋብን ሹመትዎ በጊዜው እንዲያልቅ ከልብ እየተመኘሁ፣ ከፍ ባለ አክብሮት እሰናበታለሁ።

ሉልሰገድ ፀሐዬ
የማተሚያ ቤት አራሚ የነበረ፣ የመጠረዣ ቤቱ ባለ ፈቃድ
በመለያው የታገደ፣ በሰፈሩ የሚታወቅ

ግልባጭ፦
ለመዝገብ ቤት
ለወይዘሮ ኢህሳን የጽሕፈትና የፎቶ ኮፒ ቤት (አግዳሚው ላይ ጮክ ተብሎ ይነበብ)
ደፍሮ ለሚያትም ጋዜጣ

ድኅረ ጽሑፍ፦ ከትናንት በስቲያ፣ ማለት ጳጉሜን 1 ቀን ማለዳ፣ ከፖርታልዎ በስልኬ መልእክት ደረሰኝ፤ «ውድ ደንበኛችን፣ እንኳን ለ2018 አዲስ ዓመት በሰላም አደረሰዎ!» ይላል። መለያዬን ያገደ ሲስተም ምኞቱን አለማገዱ ልቤን ነክቶታል። ከነሐሴ ወደ መስከረም በአንድ እርምጃ ተሻግረው አዲሱን ዓመት ለብቻዎ ስለጀመሩትም እንኳን አደረሰዎ፤ እኛ አገሩ በሙሉ ገና እዚህ ጳጉሜን ውስጥ ነን። አምስት ቀን ሙሉ ያለ አስተዳዳሪ መክረማችን ነው፤ እስከ አሁን ምንም አልጎደለብንም።

ይህችን መስመር በእጄ በቀረው ግልባጭ ላይ ስጨምር ዋናው ታሽጎ ሄዷል። የሩፋኤል ዝናብ ጀምሯልና ረይሀና ደብዳቤውን እንዳይርስ ራሷ በሰፋችው የቆዳ ማኅደር ውስጥ ከትታ፣ በእርስዎ ማስጠንቀቂያ ሥር ጎንበስ ብላ ከበሩ ወጣች። አሽጌአለሁ፤ ልኬአለሁ።